የስድብ ዝምድና

«ሬዲዮው የማንም ይሁን፣ ባትሪው የጋና ነው!» አለ መቶ አለቃ አግቤኮ ባትሪውን እንደሚጠባ ሕፃን ታቅፎ። «ጠዋት ሰጠሁህ፣ ግማሹን ጨረስከው። ምን ተመለሰልን? ‹ጠብቁ› የምትል አንዲት ቃል። እሷንማ እኔ ራሴ ያለ ባትሪ እነግርህ ነበር!»

«መቶ አለቃ፣ የዚህ ጦር አዛዥ እኔ ነኝ» አለ ሻምበል ግሬማ።

«አዛዥነትህን ማን ካደ? ግን ያንተ አለቆች አቡጃ ናቸው፣ የኔ አክራ። የጋና ንብረት ከጋና እጅ አይወጣም።»

«እንግዲያው ውጭ ያሉት ሲተኩሱብን ጥይቱን ‹ቆይ፣ መጀመሪያ አክራን ላስፈቅድ› በለው!»

ከጎማ ማድረቂያው ጥላ ሥር የተጋደሙት ወታደሮች ሳቁ። ሳቁ ግን አልረዘመም፤ ከንፈሩ በጥም የተሰነጠቀ ሰው ብዙ መሳቅ ያመዋል።

ሻለቃ ባሻ ሳዮን ትራኦሬ አልሳቀም። ከጎማ ዛፍ የሚፈሰው ወተት የሚጠራቀምበት የተገለበጠ ባልዲ ላይ ተቀምጦ የግድግዳውን ጥላ እያየ ሰዓቱን ይገምታል። ዕድሜው ሃምሳ አንድ ነው። በፋብሪካው ግቢ ውስጥ ካሉት አሥራ ሰባት ወታደሮች አሥራ አንዱ ናይጄሪያውያን፣ አምስቱ ጋናውያን ሲሆኑ የጊኒ ሰው እሱ ብቻ ነበር። ማንዲንጎ የሚናገሩ ታጣቂዎች መሣሪያ ሲያስረክቡ እንዲያስተረጉም ለሦስት ቀን ተብሎ ተላከ፤ አንድ ትርፍ ሸሚዝ ይዞ መጣ። ይህ ዘጠነኛው ቀን ነው።

ጎረቤት አገሮች ላይቤሪያን ሊገላግሉ ጦር ከላኩ አምስተኛ ዓመታቸው ነበር። ቦላ ክሪክ በምትባለው በዚህች የጎማ ከተማ ሥራው ቀላል ይሆናል ተብሎ ነበር፤ የአካባቢው የጫካ ጦር መሣሪያውን ሊያስረክብ ፈርሟል። ግን ከፊርማው በኋላ ለሁለት ተከፈለ። ከአንድ ሳህን ሩዝ ሲበሉ የኖሩ ሰዎች ጫካውን ተካፍለው ይታደኑ ጀመር። ከተማዋ ስትተኮስ ሃምሳ ስምንት ነዋሪ ወታደሮቹ ወደ ሰፈሩበት ወደ ጎማ ፋብሪካው ገባ፤ አብዛኛው ሴትና ሕፃን። በነጋታው ከሁለቱ ወገን የአንደኛው አዛዥ መንገዱን ግንድ ገንድሶ ዘጋው። ፋብሪካው ሁለት የጭነት መኪና፣ ሜዳውን ያጠነባ የረጋ የጎማ ወተትና በብረት እግር ላይ የቆመ አንድ የውሃ ታንከር ነበረው። ታንከሩ ውስጥ የቀረው ውሃ ለሁለት ቀን የሚበቃ ነበር።

አዛዡ በሬዲዮ ራሱን «ኮሎኔል ነጎድጓድ» ብሎ ነው የሚጠራው። የሚፈልገው አንድ ሰው ነው። ዛሬ፣ ከሰዓት በኋላ ከሚሰገደው የአስር ሶላት በፊት። ካልሆነ መትረየስ የተጫነባትን ፒክአፕ ይዞ እንደሚገባ ምሏል።

የሚፈለገው ሰው ሞሞ ይባላል። ጎማው በሚመዘንበት የሚዛን ክፍል ደጃፍ ላይ፣ አንዱ ጆሮው በክር የታሰረ መነጽሩን በሸሚዙ ጫፍ እየወለወለ ተቀምጧል። ከጦርነቱ በፊት ሬዲዮ ጠጋኝ ነበር፤ በጦርነቱ ደግሞ ከኮሎኔሉ የተለየው ወገን ሬዲዮኛ። ሳዮን በመጣበት ቀን ብቻውን መጥቶ ጠመንጃውን ጠረጴዛው ላይ ሲያኖር እጁን ከአፈሙዙ አላነሳም። ሳዮን አየው። «የምወስደው ብረቱን ነው፤ አንተ ግን በእጄ ነህ፤ ማንም አይነካህም» አለው። ያን ጊዜ ነው ጣቶቹን የፈታቸው።

«ባሻ!» ሻምበል ግሬማ ከጭቅጭቁ ዘወር አለ። «ቋንቋቸውን የምታውቅ አንተ ነህ። ውጣና ፊት ለፊት አናግረው። እስከ ነገ ይታገሰን።»

«ምን ልስጠው ብዬ ጌታዬ?»

«ምንም። ምንም የለንማ!»

ሳዮን ሽጉጡን ፈትቶ ባልዲው ላይ አኖረና ነጭ ፎጣ በእንጨት ሰቅሎ ወጣ።

ከብረት በሩ እስከ ግንዱ መቶ ሃምሳ እርምጃ ያህል ነው። ቀዩ አፈር በጫማው ሥር እንደ ዱቄት ይቦናል። ከግንዱ ጀርባ ጠመንጃዎች ቀና ቀና አሉ። ከእነሱ በስተግራ በጎማ ዛፍ ሥር ነጭ የተከናነበች አሮጊት ምንጣፍ ላይ ተቀምጣ፣ በስኳር የተለወሰ የሩዝ ዱቄት እያድበለበለች ላለፈ ላገደመው ታድላለች። አጠገቧ አዲስ የአፈር ቁልል አለ፤ ዙሪያውን የጎማ ወተት መቅጃ ጣሳዎች ተደፍተውበታል።

«ቁም! ማነህ?» አለ የባንክ ዘበኛ ቆብ የደፋ ጎልማሳ።

«ጠያቂው ማን ነው?»

«ቫሙያ ኮኔ ነኝ። ኮሎኔል ቫሙያ ኮኔ!»

ሳዮን ፎጣውን ዝቅ አደረገ። ዘጠኝ ቀን ሙሉ ነጎድጓድ ሲባል ሰማ እንጂ የዘር ስሙን የነገረው አልነበረም።

«ኮኔ?» አለ። «ኮኔ ነው ያልከው? ዘጠኝ ቀን በውሃ ጥም የፈጀን ኮኔ ነው? እኔ እኮ ሰው መስሎኝ!»

ጠመንጃዎች ቀጭ ቀጭ አሉ።

«ምን አልክ አንተ ሽማግሌ?»

«አደንጓሬ በሊታ አልኩ! አያትህ ከአያቴ ማሳ አደንጓሬ ሲሰርቅ እንዴት እንደተያዘ አልነገሩህም? ጨለማ ነው፣ ተኝቶ ተደብቋል፣ ማንም አላየውም። ሆዱ አሳበቀው! ነጎድጓድ የሚለውን ስም ያወጣችሁት ከዚያ ነው እንዴ?»

ኮሎኔሉ ቆቡን ወደ ኋላ ገፋ።

«የማን ዘር ነህ?»

«የጌታህ። የትራኦሬ።»

«ትራኦሬ!» ቫሙያ ግንዱን በጥፊ መታው። «ኧረ ስሙልኝ! ትራኦሬ ነው! ዓመት ሙሉ አገር ለአገር የምፈልገው ሎሌዬ ራሱ በእግሩ መጣ! አንተ ሆዳም፣ ሰው ቤት ሠርግ ሳይጠሩህ ሄደህ ድስት የምትልስ! የወታደር ልብስ ማን አለበሰህ? ጊኒ ሰው አልቆባት ነው?»

ታጣቂዎቹ በሳቅ ፈረሱ። የትራኦሬና የኮኔ ዘሮች ከቅድመ አያቶቻቸው ጀምሮ እንዲህ ናቸው። ሲሳደቡ አይቀየሙም፤ አንዱ የአንዱን ደም አያፈስም፤ አንዱ የለመነውን ሌላው አይከለክልም። ድንበሩን ያሠመሩት ነጮች ይህን ዝምድና ለሁለት አልከፈሉትም።

የሳቁ ድምፅ ፋብሪካው ድረስ ተሰማ። መቶ አለቃ አግቤኮ አጥሩ ላይ ተንጠላጥሎ ያይ ነበር። ከሥሩ የቆመችውን የከተማዋን ሴት «ምን ብሎ ነው እንዲህ ያሳቃቸው?» ብሎ ጠየቃት። ነገረችው። አግቤኮ ከጋና የባሕር ጠረፍ፣ ከኤዌ ሕዝብ ምድር የመጣ፣ ደግ ነገር ሲያይ መርዳት የሚወድ ሰው ነበር። ቃሉን ሁለት ጊዜ ለራሱ አጠናና እጁን እያወዛወዘ በሙሉ ድምፁ ጮኸ፤

«አደንጓሬ በሊታ!»

ሳቁ እንደ ተቆረጠ ገመድ ቀጥ አለ።

«ያ ማነው?» አለ ቫሙያ።

መልስ የጠበቀ አልነበረም። ከግንዱ ጀርባ ሦስት አራት ጠመንጃ አንድ ላይ ጮኸ። አግቤኮ ከአጥሩ ወደቀ። ጥይቱ ከራሱ በላይ አልፎ የውሃ ታንከሩን ሲበሳ የቆርቆሮው ድምፅ ተሰማ። ሳዮን ሁለት እጁን ዘርግቶ መንገዱ መሃል ቆመ።

«አቁሙ! አቁሙ! እኔን ትገድሉኛላችሁ! ቫሙያ፣ የትራኦሬ ደም በአንተ ላይ!»

«አቁሙ!» አለ ቫሙያም። «ሎሌዬ መሃል ቆሟል።»

ተኩሱ ቆመ። ከፋብሪካው ግቢ የሚፈስ ውሃ ድምፅ፣ ከዚያም የሴቶች ጩኸት ተሰማ። ሳዮን ዞር ብሎ አላየም።

«ያ ሰው ዘመዴ አይደለም» አለ ቫሙያ። «እሱ ሲለው ስድብ ነው።»

«እንግዳ ነው፣ አያውቅም። ይቅር በለው። ይልቅ ስማኝ፣ አንተ ሌባ። መንገዴን ክፈት። ሴትና ሕፃን የሞላ ሁለት መኪና አለኝ።»

ቫሙያ ለመመለስ አላመነታም። «ወሰድክ። ግንዱ ይነሳል፤ ከአስር በፊት።» ከዚያ ፈገግታው ከአፉ ሳይጠፋ ዓይኑ ግን ተለወጠ። «ተኩሱን ስላንተ አቆምኩ። መንገዱንም ሰጠሁ። ተራው የኔ ነው። ሎሌዬ፣ እኔም አንድ ነገር እለምንሃለሁ።»

ሳዮን ምን እንደሚመጣ ገባው። ራሱ የዘረጋው ወጥመድ እግሩን ሲይዘው ተሰማው።

«ሞሞን ስጠኝ። ወንድሜ ቫፊ የነበረበትን ቦታ በሬዲዮ ለጠላት የተናገረ እሱ ነው። ዛሬ የወንድሜ አርባ ነው። እናቴ ከሰፈሯ ሦስት ቀን በእግሯ ተጉዛ መጥታለች። ባዶ እጄን ፊቷ አልቆምም። ሂድና አምጣልኝ።»

ሳዮን ተመለሰ።

በግቢው ውስጥ ሴቶች ከተበሳው ታንከር የሚንዠቀዠቀውን ውሃ በድስት፣ በጣሳ፣ በነጠላ ጫፍ ሳይቀር ይሻሙ ነበር። የበለጠው መሬት ጠጥቶት ቀይ ጭቃ ሆኗል። አንዲት እናት ጭቃውን በጨርቅ ጨምቃ ለልጇ ታጠጣለች። አግቤኮ ክርኑ ተልጦ ከግድግዳው ሥር ተቀምጧል።

«ሲስቁ አይቼ ነው ባሻ» አለ ሳይጠየቅ። «ሰላምታቸው መስሎኝ።»

«ሰላምታ ነው፤ ያንተ ግን አይደለም።»

ሳዮን ሁሉንም ነገራቸው። መንገዱ እንደተሰጠ ሲሰማ አግቤኮ ሊዘል ሲል፣ ስለ ሞሞ ሲሰማ ተመልሶ ተቀመጠ።

«እምቢ በለው» አለ። «መንገዱን ተቀበል፣ ሰውየውን ከልክል። ምን ይላል?»

ሻምበል ግሬማ ራሱን ነቀነቀ። እሱ ከሰሜን ናይጄሪያ የቦርኖ ሰው ነው፣ ከካኑሪ ሕዝብ። «የኛም አገር ከጎረቤቶቻችን ከፉላኒዎች ጋር ይሄው ነገር አለ» አለ ቀስ ብሎ። «አንዱ ፉላኒ የሠርጌ ዕለት አዲሱን ቆቤን ወስዶብኝ እየሳቅሁ ዝም አልኩ። ምን አባቴ ልል! ባሻ፣ እሱ አንተን መከልከል ካልቻለ…»

«እኔም እሱን መከልከል አልችልም።»

«አንገትህን በራስህ ገመድ አሰርክ በለኛ!»

«ብከለክለው ዝምድናው ይፈርሳል። መንገዱም አብሮ።»

ሻምበሉ ጭቃውን የሚጨምቁትን ሴቶች አየ። «አንድ ሰው ነው» አለ በመጨረሻ፣ ሳዮንን ሳያይ። «እነዚህ ሃምሳ ስምንት ናቸው። ነገ ከእነሱ ስንቱን እንቀብራለን? አላዝህም ባሻ። ቃል የሰጠኸው አንተ ነህ። ግን ሌላ ነገር ካለህ ጥላው ግድግዳውን ሳይጨርስ አምጣው።»

«ሌላ ነገር የለውም» አለ አንድ ድምፅ ከኋላቸው።

ሞሞ ነበር። መነጽሩን አድርጓል።

«እውነት ነው» አለ ሳዮንን። «ቦታውን የተናገርኩት እኔ ነኝ። ቫፊ እዚያ መኖሩን አላወቅሁም፤ ግን ባውቅም እናገር ነበር፤ ሥራዬ ነበራ። ከቫፊ ጋር አንድ ክፍል ተምረናል። ሒሳብ ከኔ ይኮርጅ ነበር።» እጆቹን ኪሱ ውስጥ ከተታቸው። «እሄዳለሁ ብል ደስ ይለኝ ነበር ባሻ። ግን እግሬ እምቢ አለኝ። ከሚዛን ክፍሉ እስከዚህ ለመምጣት ስንት ጊዜ እንደቆምኩ ብታይ!»

ሳዮን ባልዲው ላይ ተቀመጠ። ግድግዳው ላይ ያለው ጥላ አንድ ክንድ ቀርቶታል። ‹በእጄ ነህ› ያለው እጅ ጭኑ ላይ ተዘርግቶ፣ ባዶ፣ ታየው።

አርባ። ስለ አርባ ሲያስብ የአባቱ ቀብር ትዝ አለው። ጉድጓዱ ተቆፍሮ፣ ሬሳው ደርሶ፣ ኢማሙ ቆሞ ሳለ አንድ የኮኔ ሽማግሌ ዘሎ ጉድጓዱ ውስጥ ገባና ተጋደመ። ‹ይሄ ሆዳም ሳይከፍለኝ ወዴት ይሄዳል? ድርሻዬን ካልሰጣችሁኝ አልወጣም!› ሕዝቡ እንባውን እየጠረገ ሳቀ። ሽማግሌውን ማንም እጁን ይዞ አላወጣውም፤ አይቻልም። የአባቱን ባርኔጣ ሲሰጡት ብቻ ወጣ። አንድ ነገር ገባው፤ እዚህ፣ በዚህ ጫካ ውስጥ፣ ቫፊ ሲቀበር ይህን ያደረገ ማን ነበር?

ተነሳና ጫማውን ፈታ።

«ምን ሆንክ?» አለ አግቤኮ።

«ሰዎቹን መኪና ላይ ጫኑ። ሞሞን መሃል፣ ከሴቶቹ ሥር አስተኙት። ግንዱ ሲነሳ ማንንም ሳትጠብቁ ንዱ። ድልድዩን እስክትሻገሩ እንዳትቆሙ።»

«አንተ ከጋናዎቹ መኪና ትገባለህ?» አለ ሻምበል ግሬማ።

ሳዮን በአዎንታ ራሱን ነቀነቀ።

ጥቂት ቆይቶ አግቤኮ በበሩ አጠገብ አገኘው። «ከናይጄሪያዎቹ ጋር ነህ አይደል? የኔ መኪና እስከ አፉ ሞልቷል።»

ሳዮን ለእሱም በአዎንታ ራሱን ነቀነቀ። ሁለቱም መኪኖች የእሱ አልነበሩም።

በባዶ እግሩ ወደ ግንዱ ሲመጣ ቫሙያ ከኋላው ሰው ይኖር እንደሆነ አየ።

«ሞሞ የታለ?»

«ቆይ አንተ ስግብግብ። መጀመሪያ የሞተብህን ልቅሶ አልደረስኩም። ነውር አይደለም?» ግንዱን በጎን ዞሮ ቀጥታ ወደ አሮጊቷ ሄደ። ማንም አልከለከለውም።

የቫሙያ እናት ማ ኛሌ ቀና ብላ አየችው። እጇ እስከ አንጓዋ የሩዝ ዱቄት ነው።

«ይሄ ማነው?»

«ትራኦሬ ነው እማ» አለ ቫሙያ በቅሬታ።

«ትራኦሬ?» አሮጊቷ በምርኩዟ ተነሳች። «እስከ ዛሬ የት ነበራችሁ? ምነው አንዳችሁ እንኳ ብትመጡ! ልጄን በጥይት ድምፅ መሃል ደረቁን ቀበሩት። የሚሰድበው የለ፣ የሚያሾፍበት የለ። እንደ መንገደኛ ውሻ!»

«ይኸው መጣሁ እማ። አንቺ ባልቴት አደንጓሬ ቀቃይ፣ ልጅሽ ነው መንገድ ዘግቶ ያስቀረኝ።» ወደ አፈሩ ቁልል ዞረ። «ቫፊ! አንተ ሰነፍ! በጠራራ ፀሐይ ትተኛለህ? ተነስና ጌታህን ተቀበል! እንዴት ነበር የሚራመደው? ልጅሽ ሲሄድ እንዴት ነበር?»

ማ ኛሌ አንድ ጊዜ ዙሪያዋን አየች። ከዚያ ምርኩዟን ጥላ፣ ቀኝ ትከሻዋን ዝቅ አድርጋ፣ ክንዷን እያወናጨፈች ሦስት እርምጃ ተራመደች። «እንዲህ ነበር። እንደ ዶሮ ነጋዴ።»

ሳዮን ከኋላዋ ተከትሎ እንደዚያው ሄደ፤ ትከሻውን ከሷ አብልጦ አዘመመ፣ ክንዱን ከሷ አብልጦ አወናጨፈ። አንድ ታጣቂ «እሱ ራሱ!» ብሎ ጮኸ። ሌሎቹ ሳቁ። አሮጊቷ አፏን በዱቄታም እጇ ይዛ ሳቀች፤ ሳቁ ሳያልቅ ወደ ልቅሶ ተለወጠ፤ ልቅሶው ሳያልቅ ደግሞ ሳቅ ሆነ። ቫሙያ ፊቱን ወደ ዛፉ አዞረ።

ያን ጊዜ ሳዮን ጣሳዎቹን ተሻግሮ መቃብሩ ላይ በጀርባው ተዘረጋ።

«ድርሻዬን ካልሰጣችሁኝ አልነሳም።»

«ምን ትፈልጋለህ?» አለች ማ ኛሌ እንባዋን እየጠረገች። «ዶሮ አለ። የቫፊ ካፖርት አለ።»

«ሞሞን።»

ቫሙያ በሁለት እርምጃ መጥቶ ከራስጌው ቆመ።

«እኔ ቀድሜ ለምኜሃለሁ!»

«አንተ የለመንከኝ መንገድ ላይ ነው። እኔ የምለምነው መቃብር ላይ። የቱ ይከብዳል?»

«ተነሳ!»

«አንሳኛ።»

ቫሙያ ጎንበስ አለ። እጁ የሳዮን ደረት ጋ ደርሶ ቆመ። ከመቃብር ላይ የስድብ ዘመዱን በጉልበት ያነሳ ሰው ቤቱ እንደማይቆም ታጣቂዎቹ ያውቃሉ፤ ሁሉም እጁን እያዩ ነው። እጁን መለሰ።

«ሞሞ ማን ነው?» አለች ማ ኛሌ። «ልጄን ያስገደለው ነው?»

ሳዮን መዋሸት ይችል ነበር። ሰማዩን እያየ፣

«አዎ እማ» አለ። «እሱ ነው።»

አሮጊቷ ምንጣፏ ላይ ቁጭ አለች። እጇን ዱቄቱ ውስጥ ከትታ አንድ ድብልብል ሠራች፤ አፈረሰችው፤ እንደገና ሠራችው። ከፋብሪካው በኩል የመኪና ሞተር ሲያስነሱ ይሰማል፤ አንደኛው ሁለት ጊዜ አስሎ ጠፋ።

«አፈሩ ቀዝቃዛ ነው?» አለች።

«ከላይ ይፈጃል እማ። ከሥር ይቀዘቅዛል።»

«ሲቀብሩት አልነካሁትም። አልነበርኩማ።» ድብልብሉን ሳህኑ ላይ አኖረች። «ቫሙያ፣ ግንዱን አስነሳ።»

«እማ!»

«ሲቀበር ያልሳቅሁትን ዛሬ ስቄበታለሁ። የሳቅሁበትን አፈር በደም ልታርስብኝ ነው? አስነሳ። ይሄ ሰው ተጋድሞ ሳለ ማንም እንዳይተኩስ። ከተነሳ በኋላ ያለውን እናንተ ጨርሱት።»

ቫሙያ ግንዱን እንዲያነሱ ለሰዎቹ በእጁ ምልክት ሰጠ። ከዚያ ሳዮን አጠገብ ተቀመጠና ፊቱን ወደ ጆሮው አስጠጋ። ድምፁ ውስጥ ቀልድ አልነበረም።

«ሰምተሃል። ገላህ ከዚህ አፈር የተነሳ ዕለት ውሉ አለቀ። መኪናው የትም ይድረስ፣ የት። ያን ጊዜ ሞሞን ካጣሁ አንተ አለህ። ዘመዴ ነህና አልነካህም፤ ግን እዚህ ካሉት ስንቱ ኮኔ ይመስልሃል?»

ሳዮን ዓይኑን አዙሮ ቆጠረ። አንድም ኮኔ አይመስልም ነበር።

ግንዱ ሲጎተት መሬቱ ከሥሩ ተንቀጠቀጠ። የብረት በሩ ሲከፈት ሰማ። አንገቱን ቢያቀና ያያቸው ነበር፤ አላቀናም። የናይጄሪያዎቹ መኪና ጭስ ማውጫው የተሰበረ ነው፤ ከዛፎቹ መሃል እያጓራ መጣ፤ ቀዩ አቧራ ፊቱ ላይ አረፈ። የጋናዎቹ ተከተለ። ግንዱ የነበረበት ቦታ ላይ ሁለቱም ቆሙና የሻምበሉና የመቶ አለቃው ድምፅ ተሰማ፤ ማን ይቅደም ነው ጭቅጭቁ። ሕፃን ያለቅሳል። አንድ ሰው ስሙን ቢጠራ፣ ‹ባሻስ?› ቢል፣ መኪኖቹ ይቆማሉ፣ ሰው ይወርዳል፣ ሁሉም ያበቃል። ስሙን እንዳይጠሩ ለመነ። ስሙን እንዲጠሩም ለመነ፤ ይህንን ለራሱም አላመነም።

ሞተሮቹ እንደገና ጮኹ። የተሰበረው ጭስ ማውጫ ቀደመ።

ታጣቂዎቹ ወዲያው ባዶው ፋብሪካ ላይ ይነታረኩ ጀመር። የጣሪያው ቆርቆሮ የማን ነው፣ ወታደሮቹ የሬዲዮውን ባትሪ ትተው ሄደው እንደሆነ፣ ማን ቀድሞ ይግባ። ቫሙያ ሊያረጋጋቸው ተነሳና ወደ በሩ ሄደ። ጠመንጃ የያዙ ሁለት ሰዎች ግን ከመቃብሩ ራስጌና ግርጌ ቀሩ፤ አንደኛው ድብልብል ያኝካል።

ፀሐይዋ በቅርንጫፎቹ መሃል ዓይኑን ወጋችው። ማ ኛሌ ምንጣፏን ጎትታ ጥላዋ ፊቱ ላይ እንዲያርፍ ተቀመጠች።

«ልጆች አሉህ?»

«አሉኝ እማ።»

«ስንት?»

«አምስት።»

በሩቁ፣ ከጫካው ባሻገር፣ የድልድዩ ሳንቃዎች በከባድ መኪና ጎማ ሥር ተንኳኩ። ቆም አለ። በሁለተኛው መኪና ሥር ደግሞ ተንኳኩ። ከዚያ በኋላ ከውሃው ማዶ ምንም አልተሰማም። በሩ ላይ ስለ ቆርቆሮው ይጨቃጨቃሉ።

«ስማቸው ማን ማን ነው?»

ሳዮን ጀርባውን ከአፈሩ ሳያነሳ ከታላቅየዋ ጀመረ።